«የግንዛቤ እጥረት» ብዬ ጻፍኩ

ጎርፉ ከመድረሱ በፊት ድምፁ ይደርሳል። ቆቦ ሜዳ ላይ ሰማዩ ጥርት ብሎ ኮከብ ሞልቶት ሳለ፣ ከምዕራብ ከግዳን ተራሮች በኩል፣ የጫነ ካሚዮን ዳገት ሲወጣ የሚያሰማው ዓይነት ጉርምርምታ ይጀምራል። ቀጥሎ ሽታው ይመጣል፤ የረጠበ አፈር፣ የበሰበሰ ቅጠል፣ የበግ በጠጥ። ከዚያ ፉጨት ነው። አንዱ ያፏጫል፣ ሌላው ይቀበለዋል፣ አፍታም ሳይቆይ ወንዱ ሁሉ አካፋና ባትሪ ይዞ ወደ ወንዙ ይሮጣል። እኔ ጎርፍ ሲባል መሸሽ ለምጄ ያደግኩ የከተማ ልጅ ነኝ። ሰው ወደ ጎርፍ ሲሮጥ መጀመሪያ ያየሁት እዚያ ነው፤ በ1993 ዓ.ም. ሚያዝያ ውስጥ፣ በ27 ዓመቴ፣ ኢንጂነር ተብዬ በተላክሁ በሁለተኛው ሳምንት።

አገሩን ለማያውቅ፦ ቆቦ ከአዲስ አበባ 570 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቆ፣ ከወልድያ ወደ አላማጣ በሚወስደው አስፋልት ላይ የሚገኝ የራያ ሜዳ ነው። ከፍታው 1,500 ሜትር ቢጠጋ ነው። በምዕራቡ ደጋው ከ3,000 ሜትር በላይ ይወጣል፣ በምሥራቁ ዞብል ቆሟል፣ መሀሉ እንደ ምጣድ የተለጠጠ ጥቁር አፈር። በዓመት የሚዘንበው ከ600 እስከ 700 ሚሊ ሜትር ገደማ ሲሆን፣ ፀሐይዋ መጥጣ ልትወስደው የምትችለው ደግሞ ከዚያ እጥፍ ይበልጣል። ዝናቡም ቢሆን አብዛኛው ሐምሌና ነሐሴ ላይ ተጨናንቆ ይመጣና በድንገት ይቆማል። ማሽላ ግን ሚያዝያ ወይም ግንቦት መዘራት አለበት። ስለዚህ የሜዳው ሰው የራሱን ሰማይ አያይም። የሚያየው የደጋውን ነው፤ ደመናው ላይ ላይ ሲጠቁር ካየ እርሻውን ይዞ ይጠብቃል።

ከዚያ ደጋ የሚወርዱት ወንዞች ብዙ ናቸው። ጎሊና፣ ሆርማት፣ አላ ውኃ የታወቁት ናቸው። የእኔ ወንዝ ከእነዚህ ያነሰ ነው፤ ስሙን አልጠራውም። ስሙን ብጠራ የሠራሁበት መሥሪያ ቤትም ሰዎቹም ይታወቃሉ፣ እኔ ደግሞ የመጣሁት የራሴን ልናገር ነው።

ከላይ ሲነሣ ሕፃን የሚዘለው ምንጭ ነው። ከአጠገቡ ጠበል አለ። ከጠበሉ ዝቅ ብሎ አንድ የውኃ ወፍጮ ነበር፣ ከወፍጮው የሚወጣው ውኃ ሽንኩርትና ቃሪያ ያጠጣል። ገደሉን ጨርሶ ሜዳው አፍ ላይ ሲደርስ ግን ጠጠሩ ውስጥ ይሰምጣል። ከዚያ በታች ዓመቱን ከሞላ ጎደል አሸዋ ነው። ሴቶች አሸዋውን በጣሳ ቆፍረው የሚጠራውን ይቀዳሉ፤ ከብት ይጠጣል፣ ልብስ ይታጠባል፣ ለከተማው ግንባታ ገልባጭ መኪና እየገባ አሸዋ ይጭናል። ጎርፍ የመጣ ጊዜ የተረፈው ውኃ ከጎሊና ጋር ተገናኝቶ ወደ አፋር ይወርዳል፤ እዚያም ግመልና ፍየል የያዘ ሰው ይጠብቀዋል። ባሕር የሚባል አይደርስም። በየደረጃው የሚጠብቀው ሰው ስላለ አንዲት ጠብታ ባለቤት የላትም የሚባልበት ቦታ አልነበረም። በሞላሁት የጥናት ቅጽ ላይ «የወንዙ ወቅታዊ አገልግሎት» የሚል ክፍት ቦታ ነበር። «መስኖ» ብዬ ሞላሁት። ዝቅ ብሎ ማብራሪያ ሲጠይቅ ደግሞ «አብዛኛው ውኃ ጥቅም ላይ ሳይውል ባክኖ ይፈሳል» አልኩ። «ባክኖ» የሚለውን ቃል ማንም አላስገደደኝም፤ ዓረፍተ ነገሩን ስለሚያሳምርልኝ ነው የጨመርኩት።

ወደዚያ ሌሊት ልመለስ። ሰዎቹ ወንዙን የሚመልሱበትን ነገር ጠለፋ ይሉታል። የግራር ቅርንጫፍ ተነጥፎ፣ በላዩ ድንጋይ ተጭኖ፣ አሸዋ ተደፍቶበት፣ ወንዙን በሰያፍ የሚቆርጥ፣ ከጉልበት እስከ ወገብ የሚደርስ ክምር ነው። ያኔ በወንዙ ላይ ሦስት ነበሩ፤ የላይ፣ የመሀል፣ የታች። ጎርፉ በባትሪ ብርሃን ሲመጣ አየሁት፤ ግንባሩ ውኃ አይመስልም፣ ጭራሮና አረፋ የሚገፋ ጭቃ ነው። የላይኛው ጠለፋ ጎንበስ ያለ መሰለ፣ ያዘው፣ ውኃው ሰባት እርምጃ በሚሰፋው የቦይ አፍ ታጥፎ ማሳ ውስጥ ገባ። ሰዎቹ እስከ ጭናቸው ጭቃ ውስጥ ቆመው ከማሳ ማሳ ይከፍታሉ፣ ይዘጋሉ፤ የሚጮኸው ሰው ብዛት ጦርነት ይመስላል። አንድ ሰዓት ያህል ቆይቶ ጎርፉ በረታና ጠለፋው መሀሉ ላይ ተበጠሰ። ይራገማሉ ብዬ ጠበቅኩ። ዳር ወጥተው ተቀመጡ። አንዱ ሱረቱን አወጣ። ሌላው ወደ ታች በኩል ረዘም አድርጎ አፏጨ።

ማስታወሻ ደብተሬ ዛሬም አለ። በዚያ ዕለት የጻፍኩት እንዲህ ይላል፦ «ጠለፋው ደካማ። በዓመት 4 ወይም 5 ጊዜ ይሰበራል። የሰው ጉልበት ብክነት።»

በማግሥቱ የውኃ አባቱን አገኘኋቸው። የውኃ አባት ማለት ተራ የሚያወጣ፣ የሚዳኝ፣ ጠለፋው መቼና በስንት ሰው እንደሚሠራ የሚያዝ ሰው ነው። ስልሳ ዓመት ይሆናቸዋል፣ ቀጭን ረጅም፣ በበትራቸው አሸዋ ላይ እየሳሉ የሚያወሩ።

«አባቴ፣ በየጊዜው ተሰብሮ መሥራቱ አይሰለቻችሁም?» አልኳቸው።

«ምን ይደረግ ልጄ፤ እሱ ካልተሰበረ የታቹ ምን ይበላል?»

አሸዋው ላይ ሦስት መስመር ሳሉ። ትንሽ ጎርፍ ከመጣ የላይኞቹ ይጠጣሉ። ማሳቸው አንዴ እስከ ቁርጭምጭሚት ከጠጣ ግን፣ ጠለፋው ባይሰበርም በእጃቸው ይከፍቱታል። ትልቅ ከመጣ ማንንም ሳይጠይቅ ሁሉንም ሰብሮ ታች ይደርሳል። ይህን በትዕግሥት ነገሩኝ። እኔ ድሀ ያጣውን ነገር ራሱ እንደመረጠው አድርጎ ሲያወራ ሰምቼ አውቃለሁ፤ ይህም ያ መሰለኝ። ራሴን ነቀነቅኩ፣ ደብተሬን ግን አልከፈትኩም።

የነደፍኩት የኮንክሪት መጥለፊያ ግድብ ነው። ስፋቱን፣ ውፍረቱን፣ የ50 ዓመት ጎርፍ ቢመጣ እንዳይገለበጥ ክብደቱን በደንብ አስልቻለሁ። አጠገቡ ወደ ቦዩ የሚያስገቡ ሁለት የብረት በሮች፣ እያንዳንዳቸው 1.2 ሜትር ስፋት፣ በመዘውር የሚከፈቱ። ከሥር ደለል ማስወጫ። ስዕሉ ያምር ነበር። ችግሩ ዓመቱን ሙሉ ለሚፈስ ጠባዩ ለታወቀ ወንዝ የሚሆን ስዕል መሆኑ ነው። ይሄኛው ወንዝ የዓመቱን ውኃ በጥቂት ሌሊቶች፣ በየሌሊቱም በሁለትና በሦስት ሰዓት ውስጥ ነው የሚያመጣው። ለዚህ የሰባት እርምጃ አፍ ያስፈልገዋል፤ እኔ መስኮት ሰጠሁት።

የባሰው ግን ካርታው ላይ ነበር። ከግድቡ ቦይ የሚደርስበትን 120 ሄክታር በአረንጓዴ ቀለም ከበብኩ። የውኃ ተጠቃሚዎች ማኅበር ሲቋቋም አባል የሚሆነው በዚያ ክበብ ውስጥ ማሳ ያለው ነው። የመሀልና የታች ሰዎች ከክበቡ ውጭ ቀሩ። ወንዙ ላይ ተራ የነበራቸው ሰዎች በአንድ እርሳስ መስመር እንግዳ ሆኑ። የውኃ አባቱን «የክብር አባል» አደረግናቸው።

ሰኔ 1995 ዓ.ም. ተመረቀ። በሬ ታረደ፣ ነጭ ኮፍያ ታደለ። የውኃ አባቱ መርቁ ተባሉና ተነሡ፤ «ለሁሉም የሚደርስ ያድርገው» አሉ። አሜን አልን። ስንት ቀን ከዚያ በኋላ ያቺን ምርቃት እንዳሰብኳት አልቆጥረውም። «አይሰበር» አላሉም።

በመጀመሪያው ዓመት የላይኞቹ ተደሰቱ። ውኃ ስላገኙ ድሮ ያልታረሰ መሬት መነጠሩ፣ ሽንኩርት ገባ። የብረቱን መዘውር እጀታ የማኅበሩ ሊቀመንበር ቤቱ ያሳድረዋል። ትንሹም መካከለኛውም ጎርፍ ሲመጣ በሩ ይከፈታል፤ «ማሳችን ጠጥቷልና እንዝጋ» የሚል ሰው አልነበረም። ድሮም ቢሆን በደግነት ብቻ አልነበረም የሚከፍቱት፤ ባይከፍቱ ጎርፉ ራሱ ይከፍተዋል፣ ነገ ደግሞ ጠለፋውን መልሰው ለመሥራት የታቹን ሰው ጉልበት ይፈልጋሉ። እኔ ሁለቱንም አስቀረሁላቸው። የማይሰበርና የማንንም ጉልበት የማይፈልግ ግድብ ስሰጣቸው፣ ለታቹ ሰው የሚያስቡበትን ምክንያት አብሬ ወሰድኩ።

1997 ዓ.ም. መስከረም ላይ ወደ ታችኛው መንደር ወረድኩ። የተላክሁት ለሌላ ጉዳይ ነው። አንዲት እናት ማሳቸው ዳር ቆመው ነበር። ደጋሊትና ጅጉርቲ የሚባሉት የራያ ማሽላዎች ሚያዝያ ተዘርተው እስከ ኅዳር መሬት ላይ የሚቆሙ ናቸው፤ የበልግ ጎርፍ ካላገኙ አይዘሩም። እሳቸው ባለፈው ሚያዝያ አልዘሩም። በሐምሌ ጤፍ ሞከሩ፣ ዝናቡ ነሐሴ መጨረሻ ላይ ቆመ። ጤፉን ነቅለው አሳዩኝ፤ ከስንዝር የማይበልጥ፣ ራሱ ባዶ፣ በጣት ሲታሽ አቧራ የሚሆን። ጤፉ ቢይዝ እንኳ ችግሩ አያልቅም ነበር። የማሽላ አገዳ ለዚያ አገር ሰው ግማሽ ኑሮው ነው። ላም ትበላዋለች፣ ጎጆ ይከደንበታል፣ አጥር ይታጠርበታል፣ እንጀራ ይጋገርበታል። በጤፍ ጭድ አጥር አይታጠርም። ላማቸውን ሸጠዋል። ልጃቸው በጅቡቲ አድርጎ ባሕር ተሻግሮ ሳውዲ ገብቷል። የገባው በእኔ ግድብ ምክንያት ነው ማለት አልችልም፤ ከዚያ አገር ልጅ ያልሄደበት ቤት የለም። አይደለም ማለትም አልችልም።

ትክ ብለው አዩኝና «ውኃውን የገደብከው አንተ ነህ?» አሉኝ።

«መሥሪያ ቤቱ ነው» አልኳቸው።

በዚያው ክረምት ወንዙ ሥራውን ጨርሶ ነበር። ከደጋ የሚመጣ ጎርፍ ውኃ ብቻ አይደለም፤ ከክብደቱ አንድ አሥረኛው ድረስ ደለል ሊሆን ይችላል፣ በላዩ ድንጋዩና ግንዱ። ከግድቡ ጀርባ ያለው ሁሉ በጠጠር ተሞልቶ ከአናቱ እኩል ሆነ። በሮቹን ጭራሮ ዘጋቸው። የደለል ማስወጫው መከፈት ያለበት ጎርፉ መሀል ላይ ነው፤ በጨለማ፣ በሚንቀጠቀጥ ኮንክሪት ላይ ቆሞ መዘውር የሚያዞር ማን አለ? እኔ ራሴ አላደርገውም። ስለዚህ ትንሹ ጎርፍ የላይኞቹን ብቻ ያጠጣል፣ ትልቁ እነሱንም አያጠጣም። የታችኞቹ መጥተው በሩን በድንጋይ ደበደቡት። ጠብ ሆነ፣ የአንድ ሰው ክንድ ተሰበረ፣ ሽማግሌ ገባ።

ሪፖርት ተጠየቅኩ። ሠንጠረዡ ሦስት አምድ አለው፤ የታየ ችግር፣ ምክንያት፣ የመፍትሔ ሐሳብ። በመጀመሪያው «ፕሮጀክቱ በሙሉ አቅሙ አገልግሎት እየሰጠ አለመሆኑ» ብዬ ጻፍኩ። በሁለተኛው «የኅብረተሰቡ የግንዛቤ እጥረት»። በሦስተኛው «የግንዛቤ ማስጨበጫ ሥልጠና መስጠት»። ጽፎ ለመጨረስ አምስት ደቂቃ አልፈጀብኝም። ይህን ያህል ቀላል የሆነው ቃሉ ተዘጋጅቶ ስለሚጠብቅ ነው፤ በየመሥሪያ ቤቱ መሳቢያ ውስጥ እንደ ማኅተም የተቀመጠ ቃል ነው። ማን ይጠይቃል? ገበሬ ግንዛቤ የለውም ሲባል የሚገረም ሰው ቢሮ ውስጥ አይገኝም።

ሥልጠናውም ተሰጠ። አሠልጣኙ እኔ ነኝ። ሦስት ቀን ሙሉ፣ ውኃን በፍትሐዊነት ስለመጠቀም አስተማርኳቸው። የውኃ አባቱ ከፊት ወንበር ተቀምጠው፣ በትራቸውን በጉልበታቸው መሀል ይዘው፣ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሰሙኝ። ሲያልቅ «እግዚአብሔር ይስጥልን» አሉ። አበሌን ፈርሜ ወሰድኩ።

ከዚያ ዕድገት አገኘሁና አዲስ አበባ ገባሁ። ለብዙ ዓመት ኮንትራክተሩን ለማማት ሞክሬያለሁ፤ አልሆነልኝም፣ ሰውየው በደንብ ነው የሠራው። ኮንክሪቱ እስከ ዛሬ አልተሰነጠቀም። ቢሰነጠቅ ኖሮ የማመካኝበት አገኝ ነበር። አንድ ጊዜ ለነፍስ አባቴ አነሣሁት። «የሰው ውኃ ቀምተሃል?» አሉኝ። «አይ አባ፣ በጥናት ነው» አልኳቸው። ግራ ተጋብተው ስግደት ሰጡኝ።

የተባበሩት መንግሥታት የምግብና የእርሻ ድርጅት በአውሮፓውያኑ 2010 ስለ ጎርፍ መስኖ አንድ መመሪያ አወጣ። ለሥራ ብዬ አገላበጥኩት። በየመን፣ በፓኪስታን፣ በኤርትራ ያለ የጎርፍ መስኖ ገበሬ እንደ ቆቦው ሰው በደረቅ ወንዝ ላይ ክምር እየሠራ የሚኖር ነው። ኤርትራ ሸዕብ ላይ «አጊም» ይሉታል። እዚያ በተሠራው ዘመናዊ ግድብ ጎን፣ ከባድ ጎርፍ ሲመጣ እንዲደረመስ ተብሎ የተተወ የአፈር ክፍል አለ። እንዲሰበር ታስቦ የተሠራ! ኢንጂነር አስልቶት፣ ወጪ ተመድቦለት። አሸዋ ላይ በበትር የተሳለልኝን ነገር ከዘጠኝ ዓመት በኋላ በታተመ ወረቀት ላይ ሳገኘው አመንኩት። የቢሮዬን በር ዘግቼ ቆየሁ። የሚያሳፍረው ደግሞ ይህን ካነበብኩ በኋላ ለመሄድ ሌላ አሥር ዓመት ገደማ መፍጀቴ ነው። ሥራ በዛ፣ ልጅ ታመመ፣ መንገዱ ራቀ እያልኩ።

በ2012 ዓ.ም. የካቲት ሄድኩ። የሪፖርቱን ቅጂ ኪሴ ውስጥ ይዤ።

ግድቡ አሸዋ ውጦት አናቱ ብቻ ይታያል። የታጠበ ልብስ ማስጫ ሆኖ ነጠላና ብርድ ልብስ ተሰጥቶበታል። መዘውሩ የለም። ከእሱ ሁለት መቶ እርምጃ ወደ ላይ፣ አዲስ የግራር ጠለፋ እየተሠራ ነው፣ የላይና የመሀል ሰዎች አንድ ላይ ሆነው። የታችኛው ግን የለም። ሰዎቹ ብዙ ዓመት ሲያጡ ቦዩን መጥረግ ትተው አፉ በደለል ተደፈነ፤ ማሳው እሾህ በቅሎበት ፍየል ይበላበታል። የእኒያን እናት ቤት ጠየቅኩ፤ ወደ ከተማ ገብተዋል አሉኝ።

የውኃ አባትነቱን የሽማግሌው ልጅ ይዞታል። እሳቸው ቁርቁራ ሥር ተቀምጠዋል። አላወቁኝም መስሎኝ ራሴን ማስተዋወቅ ስጀምር «ያ ኢንጂነሩ» አሉ። ሰዎቹ እረፍት አድርገው ሲሰበሰቡ ወረቀቱን አወጣሁና ሦስቱንም አምድ አነበብኩላቸው።

አንድ ጎልማሳ «እጥረቱ የማን ነው የሚለው?» ብሎ ጠየቀ።

«የእናንተ ነው ብዬ ነበር የጻፍኩት» አልኩ። «የእኔ ነበር።»

ከኋላ አንድ ሁለት ሰው ሣቀ። ሌሎቹ ዝም አሉ። ሽማግሌው ወረቀቱን ተቀብለው ገለበጡት፣ ጀርባውን አዩ፣ መለሱልኝ።

«ይሄን ለእኛ ማንበብ ምን ያደርጋል ልጄ? እኛ ድሮም እናውቀዋለን። ለላክህላቸው ሰዎች አንብብላቸው እንጂ።»

ከዚያ ወደ ወንዙ ዞሩ። ልጃቸው ቅርንጫፉ ላይ ትልቅ ድንጋይ አንከባሎ እየጫነ ነበር።

«ያንን አንሣው» አሉት ጮክ ብለው። «አጠበቅኸው።»